ቀዳሚዋን ቅጽበት ማን ቆጠራት?

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፦

በጋዜጣችሁ የሥነ ጽሑፍ ዓምድ በተከታታይ እየወጣ ስላለው ልብ ወለድ ያለኝን አስተያየት ቦታ ሰጥታችሁ እንድታትሙልኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ። ታሪኩን ላልተከታተሉ አንባብያን ለማስታወስ ያህል፣ ነገሩ የሚያጠነጥነው በየትኛውም ካርታ ላይ በማይገኝ ምድር በሚኖር አንድ የዘመን መዝጋቢዎች ማኅበር ላይ ነው። የማኅበሩ አባላት ዘመናቸውን የሚቆጥሩት መሥራች እናታቸው የመጀመሪያውን መስመር በእርጥብ ሸክላ ላይ ከጫረችበት ቅጽበት ጀምሮ ነው። ያችን ቅጽበት «ቀዳሚዋ» እያሉ ይጠሯታል፤ በስሟ ይምላሉ፣ በየዓመቱ መባቻ ፊታቸውን ወደ መዝገብ ቤቱ መልሰው ይሰግዱላታል፤ ከእርሷ በፊት ጊዜ ነበረ ብሎ መናገርም ከማኅበሩ የሚያስባርር ጥፋት ነው።

ጽሑፉ በቋንቋው ውበትም ሆነ በገጸ ባሕርያቱ አሳሳል የሚያስመሰግን መሆኑን ሳልናገር ባልፍ በደል ይሆንብኛል። ሌሊቱን ሙሉ እየተፈራረቁ የውኃ ሰዓቱን የሚጠብቁት ሁለቱ ሽማግሌዎች፣ አንዱ በሌላው ቆጠራ ላይ የሚያድርበት የማያቋርጥ ጥርጣሬና ያንን ጥርጣሬ በትሕትና ቃላት ለመሸፈን የሚያደርጉት ጥረት በቅርብ ጊዜ ካነበብኋቸው ትረካዎች ሁሉ ያስደሰተኝ ነው። ቅሬታዬ ያለው ባለፈው ክፍል ላይ ነው። በዚያ ክፍል ወጣቱ ረድእ ከመዝገብ ቤቱ ምድር ቤት አንድ የሸክላ ሰሌዳ ያገኛል። በሰሌዳው ላይ የሰፈረው ተራ የእህል ግብር ደረሰኝ ሲሆን፣ ዘመኑ የተጻፈው በማኅበሩ አቆጣጠር ሳይሆን ስሙ በተረሳ አንድ ንጉሥ የግዛት ዓመት ነው፤ ከግብር ከፋዮቹም መካከል የመሥራች እናት አባት ይገኝበታል። ሽማግሌዎቹ ጉባኤ ተቀምጠው ሰሌዳው ሐሰተኛ ነው ብለው ይፈርዳሉ። እስከዚህ ድረስ ነገሩ ያምራል፤ የሚደንቀውስ እንዲህ ባይፈርዱ ነበር። ነገር ግን ደራሲው በዚህ ሳይወሰኑ፣ በክፍሉ መጨረሻ ተራኪው ጣልቃ ገብቶ ሰሌዳው በእርግጥም የማኅበሩ ጠላቶች የሠሩት ሐሰት እንደ ነበረ እንዲነግረን አድርገዋል። በአንዲት ዓረፍተ ነገር የታሪኩ ትልቁ ጥያቄ ተዘጋ ማለት ነው።

እኔ ሰሌዳው እውነተኛ መሆን ነበረበት እላለሁ። ይህን የምለውም ምሥጢር ስለሚጥመኝ ብቻ አይደለም። ሰዎች ዘመናቸውን የቆጠሩባቸው ታላላቅ መነሻዎች የተተከሉበትን መንገድ ስንመለከት፣ መነሻውን የተከሉት በአብዛኛው ድርጊቱ ካለፈ ከብዙ ጊዜ በኋላ የተነሡ፣ እስከዚያም ድረስ በሌላ አቆጣጠር ሲጠቀሙ የኖሩ ሰዎች መሆናቸውን እናገኛለን። በመጀመሪያው ዓመት የኖረ ሰው የመጀመሪያው ዓመት መሆኑን አያውቅም፤ እርሱ የሚኖረው በአንድ ንጉሥ አሥረኛ ወይም በአንድ ሹም ሦስተኛ ዓመት ነው። ስለዚህ በዚያ ምድር ቤት ውስጥ በተረሳ ንጉሥ ዘመን የተጻፈ ደረሰኝ መገኘቱ የሚጠበቅ እንጂ የሚያስደነግጥ ነገር አልነበረም። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸውን ዓመታት የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑን ከወዲሁ ማሳወቅ ይገባኛል፤ ስለ ዘመን መነሻ የሚከራከር ሰው የራሱን መነሻ ሳይናገር ቢጀምር ያስቅበታልና።

ያ አቆጣጠር ራሱ ለክርክሬ የመጀመሪያው ምስክር ነው። ዲዮናስዮስ ኤክሲጉስ የሚባለው በሮም ይኖር የነበረ መነኩሴ በ525 የፋሲካን ቀን ማስያ ሰንጠረዥ ሲያዘጋጅ፣ በእጁ የነበረው የእስክንድርያ ሰንጠረዥ ዓመታትን የሚቆጥረው ከሮማዊው ንጉሠ ነገሥት ከዲዮቅልጥያኖስ ንግሥና ጀምሮ ነበር። ዲዮናስዮስ ክርስቲያኖችን ያሳደደ የዓመፀኛ ንጉሥ መታሰቢያ በፋሲካ ሰንጠረዥ ላይ እንዲቀጥል ስላልፈለገ፣ ከጌታ ሥጋዌ ጀምሮ መቁጠርን መረጠ። አሮጌው ሰንጠረዥ በዲዮቅልጥያኖስ 247ኛ ዓመት ሲያበቃ፣ የእርሱ አዲስ ሰንጠረዥ በ532 ጀመረ። ወደዚህ ቁጥር በምን ስሌት እንደ ደረሰ የሚያስረዳ ጽሑፍ አልተወልንም። ዘመኑን የቆጠረው ከድርጊቱ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው፤ አቆጣጠሩም በምዕራብ አውሮፓ በሰፊው መታወቅ የጀመረው ከዚያም ሁለት መቶ ዓመት ያህል ዘግይቶ፣ እንግሊዛዊው መነኩሴ ቤዳ በ731 ባጠናቀቀው የቤተ ክርስቲያን ታሪኩ ከተጠቀመበት በኋላ ነው።

ከዲዮናስዮስ አንድ መቶ ዓመት ያህል ቀደም ብሎ ደግሞ አንያኖስ የተባለ የእስክንድርያ መነኩሴ ከዓለም ፍጥረት ጀምሮ ያለውን ዘመን አስልቶ፣ ሥጋዌውን ከዲዮናስዮስ ስሌት ዘግየት ባለ ዓመት ላይ አስቀምጦት ነበር። የኢትዮጵያ ዘመን አቆጣጠር የእስክንድርያን ስሌት ስለሚከተል፣ ሁለቱ አቆጣጠሮች በሰባትና በስምንት ዓመት ይለያያሉ። ሁለት መነኮሳት አንዱን ልደት አስልተው ሁለት መልስ አገኙ፤ ሁለቱም መልሶች እስከ ዛሬ ድረስ በደብዳቤ ራስጌ ላይ ይጻፋሉ። የልብ ወለዱ ማኅበር በሺህ ዓመት ታሪኩ ውስጥ በቀዳሚዋ ቅጽበት ላይ አንድም የስሌት ልዩነት አለመነሣቱ ለእኔ ከውኃ ሰዓቱና በታሪኩ ውስጥ ካለው ተናጋሪ ድልድይ ይልቅ ለማመን የሚከብድ ነው።

ከዚህ ሁሉ የበለጠ የሚያስገርመኝ ዲዮናስዮስ የጣለው አቆጣጠር ዕጣ ነው። የግብፅ ክርስቲያኖች የዲዮቅልጥያኖስን ዘመን አልጣሉትም። በ284 የሚጀምረውን ያንኑ ቆጠራ፣ አንዲት ቀን ሳያዛንፉ፣ የሰማዕታት ዘመን ብለው ጠሩት። መነሻው ያው የአሳዳጁ ንግሥና ሆኖ ሳለ፣ የሚታሰቡበት ግን የተገደሉት ሆኑ። አንድ ጸሐፊ ስለ ቅዱስ መነሻ ልብ ወለድ ሊጽፍ ከተነሣ፣ ከዚህ የተሻለ ጥሬ ነገር ከየት ያገኛል? በጋዜጣችሁ በሚወጣው ታሪክ ውስጥ ያ ስሙ የተረሳ ንጉሥ ማን ነበር? የማኅበሩ የመጀመሪያ ዓመት ከእርሱ ዘውድ ጋር ቢገጥምስ? እነዚህ ጥያቄዎች ሰሌዳው ሐሰተኛ ነው በተባለበት ቅጽበት ሁሉም ሞቱ።

የእስልምና ዘመንም ከዚሁ ጋር የሚያያዝ ትምህርት አለው። ቆጠራው ነቢዩ ሙሐመድ በ622 ከመካ ወደ መዲና ካደረጉት ስደት ይጀምራል፤ ይህ እንዲሆን የተወሰነው ግን በሁለተኛው ኸሊፋ በዑመር ጊዜ፣ ከስደቱ አሥራ ስድስት ወይም አሥራ ሰባት ዓመት ያህል በኋላ ነው። የሙስሊም ታሪክ ጸሐፊዎች እንደሚተርኩት በምክክሩ ላይ የነቢዩ ልደት፣ የነቢይነታቸው መጀመሪያና ኅልፈታቸውም በአማራጭነት ተነሥተው ነበር። ስደቱ ከተመረጠ በኋላም ቆጠራው ነቢዩ መዲና ከደረሱበት ከረቢዕ አል-አወል ወር አልጀመረም፤ የዓመቱ የመጀመሪያ ወር ሙሐረም ስለሆነ ወደ እርሱ እንዲመለስ ተደርጓል። በዚህም ምክንያት ድርጊቱና የድርጊቱ ዘመን መነሻ በሁለት ወር ያህል ይራራቃሉ። ይህን የወሰኑት ሰዎች ስደቱን በዓይናቸው ያዩ፣ አንዳንዶቹም ራሳቸው የተሰደዱ ነበሩ፤ ቀኑን ስለረሱ አልነበረም። አስቀድሞ የነበረው የወራት ሥርዓት ከእነርሱ በፊት ጀምሮ ይሠራ ስለ ነበር፣ አዲሱ ዘመን በአሮጌው ዓመት ቅርጽ ውስጥ መቀመጥ ነበረበት። የልብ ወለዱ መሥራች እናት መስመሯን የጫረችው በዓመቱ የመጀመሪያ ቀን መሆኑ እንደ ተአምር ተተርኳል፤ እኔ ግን የኋለኞቹ ቆጣሪዎች ወደ ዓመቱ መባቻ ጎትተው ያስገቧት ይመስለኛል፣ ደራሲውም ይህን አስበውት ቢሆን ኖሮ ደስ ባለኝ።

ምናልባት አንዳንድ አንባብያን፣ መሥራቾች ራሳቸው በቦታው ሆነው ዘመን ያስጀመሩበት ጊዜ የለም ወይ ብለው ይጠይቁ ይሆናል። አለ፤ የፈረንሳይ አብዮት ይህን አድርጓል። ጉባኤው ንጉሣዊውን አገዛዝ ከሻረ በኋላ፣ በመስከረም 1792 የመንግሥት ሰነዶች ሁሉ ከዚያ ዕለት ጀምሮ «የሪፐብሊኩ አንደኛ ዓመት» ተብለው እንዲጻፉ ወሰነ። ሆኖም ጥር 1793 ሲገባ፣ አሮጌው ዓመት ስለ ተለወጠ ብቻ፣ ሁለተኛው ዓመት ጀመረ ተባለ። ያው ጉባኤ በዚያው ዓመት መጸው ላይ አዲሱን የዘመን መቁጠሪያ ሲያጸድቅ ደግሞ የመጀመሪያው ዓመት ከመስከረም 22 ቀን 1792 እስከ ቀጣዩ መስከረም እንዲሆን አደረገ። በመካከሉ «ሁለተኛ ዓመት» ተብለው የተጻፉት ሰነዶች ዓመታቸው ወደ አንደኛ ተመለሰባቸው ማለት ነው። መሥራቾቹ በሕይወት፣ ጉባኤው በመቀመጫው፣ ጸሐፊዎቹ በጠረጴዛቸው እያሉ የመጀመሪያው ዓመት በአሥራ ሦስት ወር ውስጥ ቅርጹን ለወጠ። ያ መቁጠሪያ በ1806 መጀመሪያ በናፖሊዮን ተሻረ።

ከፈረንሳዮች በፊት ደግሞ ሰሌውቆስ አለ። ከእስክንድር ሞት በኋላ ባቢሎንን መልሶ የያዘው ይህ የጦር አለቃ አዲስ ዘመን ልጀምር ብሎ አልተነሣም፤ እንደ ማንኛውም ገዢ የራሱን የግዛት ዓመታት ቆጠረ እንጂ። ነገሩን ዘመን ያደረገው ልጁ ቀዳማዊ አንጥያኮስ ነው፤ አባቱ በ281 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ሲሞት ቆጠራውን ከአንድ እንደ ገና በመጀመር ፈንታ የአባቱን ቁጥር ቀጠለበት። ይህች አለመጀመር፣ ይህች ዝም ብሎ መቀጠል፣ ለብዙ መቶ ዓመታት በምዕራብ እስያ ሲሠራበት የኖረ ዘመን ወለደች። መነሻው እንኳ አንድ አልነበረም፤ መቄዶናውያኑ ከ312 መጸው፣ ባቢሎናውያኑ ከ311 ጸደይ ይቆጥሩ ነበር፤ እያንዳንዱ በለመደው የዓመት መባቻ። የልብ ወለዱን ማኅበር የሚመሩት አለቆች ሥልጣናቸውን የሚያገኙት ከቀዳሚዋ ቅጽበት መሆኑ በየክፍሉ ይነገረናል። ነገር ግን ከመሥራች እናት ሞት በኋላ ቆጠራው እንዳይቋረጥ የወሰነው ሁለተኛው አለቃ አንዲት መስመር እንኳ አልደረሰውም። እኔን ቢጠይቁኝ የማኅበሩ እውነተኛ ጀማሪ እርሱ ነው።

ታሪኩ ስለ አንድ ማኅበር እንጂ ስለ መንግሥት አይደለም ለሚለኝ ደግሞ ፍሪሜሶኖች የተባሉትን የምሥጢር ማኅበር አባላት እጠቅሳለሁ፤ ሥርዓታቸውን ለማመስገንም ሆነ ለመንቀፍ አይደለም። እነርሱ በሰነዶቻቸው ላይ የሚጽፉት «የብርሃን ዓመት» የሚሉት ቁጥር በተለመደው ዓመት ላይ 4000 በመጨመር የሚገኝ ነው። ከቅርንጫፎቻቸው አንዱ የሁለተኛውን ቤተ መቅደስ ሥራ መነሻ አድርጎ 530 ይጨምራል፤ በቴምፕላር ፈረሰኞች ስም የሚጠራው ሌላው ደግሞ ያ የፈረሰኞች ማኅበር የተመሠረተበትን ዓመት ይዞ 1118 ይቀንሳል። ልብ በሉ፣ እነዚህ ሁሉ ቅዱስ ዘመናት የሚሰሉት አስቀድሞ በግድግዳ ላይ ከተሰቀለው ተራ የቀን መቁጠሪያ ነው። በአንድ ጣሪያ ሥር ሦስት መነሻዎች አሉ፤ ሦስቱንም ለማግኘት ግን መጀመሪያ ጎረቤት የሚጠቀምበትን ዓመት ማወቅ ያስፈልጋል። በልብ ወለዱ ውስጥ ደግሞ ማኅበሩ ከመንደሮቹ እህል ይገዛል፣ ጨው ይሸጣል፣ ለድልድዩ ቀረጥ ይከፍላል። የመንደሩ ነጋዴ ውሉን በየትኛው ዘመን ይጽፈዋል? እስካሁን በወጡት ክፍሎች ሁሉ ለዚህ መልስ የለም።

የሌሎች ልብ ወለዶች ልምድም ለክርክሬ ይመሰክርልኛል። አልደስ ሃክስሊ በ1932 ባሳተመው «ብሬቭ ኒው ወርልድ» ሰዎቹ ዓመታትን የሚቆጥሩት የሄንሪ ፎርድ ሞዴል ቲ መኪና ከወጣበት ከ1908 ጀምሮ ነው፤ መኪናው ሲወጣ ግን አዲስ ዘመን ጀመረ ያለ ማንም የለም፤ ያ ዓመት የአዲሱ ዘመን መክፈቻ እንዲሆን የተመረጠው በኋላ እንደ ሆነ መጽሐፉ ራሱ ይናገራል። ቬርኖር ቪንጅ በ1999 ባወጣው «ኤ ዲፕነስ ኢን ዘ ስካይ» ደግሞ በከዋክብት መካከል የሚመላለሱት ነጋዴዎች ጊዜን በሰከንድ ብቻ ይቆጥራሉ፤ ቆጠራው የሰው ልጅ በጨረቃ ላይ ከረገጠበት ቅጽበት የጀመረ ይመስላቸዋል። ጠጋ ብሎ ለመረመረው ግን መነሻው ትንሽ ዘግየት ያለ ነው፤ ከጥንታዊ የኮምፒዩተር ሥርዓት የተወረሰች ዜሮ ናት። ደራሲው ይህን በጥቂት መስመሮች ጠቅሶ ያልፋል፤ እኔ ግን ስለ ዘመን መነሻ በልብ ወለድ ካነበብሁት ሁሉ ይህን የሚያህል አላገኘሁም።

ያች ዜሮ በእውኑ ዓለም ያለች ናት። ዩኒክስ የሚባለው የኮምፒዩተር ሥርዓትና ከእርሱ የተወለዱት ሁሉ ጊዜን የሚቆጥሩት ከጥር 1 ቀን 1970 እኩለ ሌሊት ጀምሮ በሰከንድ ነው። በዚያ ቅጽበት የተለየ ነገር አልተፈጸመም፤ ለሒሳብ የምትመች ክብ ቀን ነበረች። ይበልጥ የሚገርመው ግን መነሻዋ ሌላ የነበረ መሆኑ ነው። በ1971 በወጣው የመጀመሪያው መመሪያ ላይ ቆጠራው የሚጀምረው ከጥር 1 ቀን 1971 ሲሆን፣ የሚቆጠረውም ሰከንድ ሳይሆን የሰከንድ አንድ ስልሳኛ ነበር። በዚህ አኳኋን ቁጥሩን የሚይዘው ቦታ ሁለት ዓመት ተኩል ሳይሞላ ስለሚሞላ፣ መሐንዲሶቹ መለኪያውንም መነሻውንም ለወጡ። ሰከንዱ በተመረጠ ጊዜም ቁጥሩን በ32 ቢት፣ ማለትም በሠላሳ ሁለት የዜሮና የአንድ አሃዞች፣ የሚይዙ ማሽኖች በጥር 19 ቀን 2038 ይሞላባቸዋል፤ ያን ጊዜ ካልተስተካከሉ ወደ 1901 ይመለሳሉ። ደግሞም የመሬት መዞር ከአቶሚክ ሰዓት ጋር እንዲስማማ ከ1972 ወዲህ የተጨመሩት 27 ትርፍ ሰከንዶች በዚህ ቆጠራ ውስጥ አይገቡም። ስለዚህ ቁጥሩ ከመነሻው ወዲህ ያለፉት ሰከንዶች እውነተኛ ድምር አይደለም፤ ቢሆንም የዓለም ባንኮችና ስልኮች በእርሱ ይስማማሉ፣ ሥራቸውም አይስተጓጎልም። የልብ ወለዱ ሽማግሌዎች «ከቀዳሚዋ ወዲህ አንዲት ጠብታ አልጎደለችም» ብለው ሲምሉ፣ የውኃ ሰዓቱ በክረምት ቅዝቃዜ እንደሚዘገይ በሁለተኛው ክፍል ራሳቸው የተናገሩትን ዘንግተውታል፤ ወይም ደራሲው ዘንግተውታል።

ሌላ ትንሽ የሒሳብ ነገር አለችኝ። በአምስተኛው ክፍል የማኅበሩ አባላት ሺህ ዓመት ሞላ ብለው በዓል የሚያከብሩት 1000ኛው ዓመት በሚገባበት ዕለት ነው። መሥራች እናት የመጀመሪያውን መስመር «አንድ» ብላ እንደ ጀመረች ተጽፏል፤ እንግዲያስ በዚያ ዕለት የሞሉት 999 ዓመታት ናቸው። ዲዮናስዮስም ዜሮ ዓመት ስላልነበረው 2000 ሲገባ ዓለም ሁሉ በዚሁ ጉዳይ ተከራክሯል። ለዘመን ቆጠራ ራሱን የሰጠ ማኅበር ይህን ይስታል ብዬ አላምንም፤ ከሳተም ውስጡ ጠብ ሊነሣ ይገባ ነበር። መጽሐፉ ሲታተም ቢታረም መልካም ነው።

እዚህ ላይ ደራሲው ሊያስቡበት የሚገባ አንድ ሰው ላስታውስ። ዮሴፍ ስካሊጀር የተባለው የዘመን ታሪክ ሊቅ በ1583 ባወጣው ሥራ፣ የሁሉንም ሕዝቦች ዘመናት ማስማማት የሚቻልበት አንድ የጋራ ቆጠራ ፈለገ። የ28 ዓመቱን የፀሐይ ዑደት፣ የ19 ዓመቱን የጨረቃ ዑደትና ሮማውያን ለግብር ይጠቀሙበት የነበረውን የ15 ዓመት ዑደት አባዝቶ 7980 ዓመት አገኘ፤ ከዚያም ሦስቱ ዑደቶች በአንድነት ከአንድ የሚጀምሩበትን ዓመት ወደ ኋላ ቆጥሮ 4713 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ላይ ደረሰ። በዚያ ዓመት ንጉሥ አልነገሠም፣ ነቢይ አልተወለደም፣ ከተማ አልተመሠረተችም። የሥነ ፈለክ ሊቃውንት ግን እስከ ዛሬ ድረስ ቀናትን የሚቆጥሩት ከዚያች ባዶ ዕለት ነው፤ ጥር 1 ቀን 2000 እኩለ ቀን በእነርሱ ቆጠራ 2,451,545ኛው ቀን ነበር። የልብ ወለዱን ማኅበር የሚቃወም ወገን ካስፈለገ፣ ሰሌዳ የሚፈጥር ቀጣፊ ከማምጣት ይልቅ እንደ ስካሊጀር ያለ ሰው ማምጣት ይሻል ነበር፤ ቀዳሚዋን የማይክድ፣ የማይሳደብ፣ ነገር ግን በእርሷ ውስጥ ምንም ነገር ባይፈጸምም ቆጠራው ልክ ሊሆን እንደሚችል በእርጋታ የሚያሳይ ሰው። ሽማግሌዎቹ ከእንዲህ ያለው ሰው ጋር ሲከራከሩ ማየት እጅግ ያጓጓኛል።

መነሻው ከተጠረጠረ ማኅበሩ ይፈርሳል፣ ማኅበሩ ከፈረሰ ደግሞ ታሪኩ ያልቃል የሚል ሥጋት ደራሲውን አድሮባቸው ይሆናል። ሥጋቱ መሠረት ያለው አይመስለኝም። የግሪክ ታሪክ ጸሐፊዎች ዓመታትን በኦሎምፒያድ፣ ማለትም በኦሎምፒያ ውድድሮች መካከል ባለው የአራት ዓመት ጊዜ፣ ሲቆጥሩ መነሻቸው 776 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ነበር፤ ይህም ቁጥር የተመሠረተው የኤሊሱ ሂፒያስ ከዚያ ብዙ መቶ ዓመታት በኋላ ባወጣው የአሸናፊዎች ዝርዝር ላይ ነው። ግሪካዊው ጸሐፊ ፕሉታርክ ሂፒያስን ለማመን የሚያስገድድ ማስረጃ የለም ብሎ በግልጽ ጽፏል። ቢሆንም ጥርጣሬው ከተጻፈ በኋላም በኦሎምፒያድ መቁጠሩ ቀጥሏል። ቆጠራ የሚጸናው ሰዎች በጋራ ስለሚጠቀሙበት ነው። የልብ ወለዱ ሽማግሌዎችም ሰሌዳውን እውነተኛ ነው ብለው ተቀብለው፣ በማግሥቱ የውኃ ሰዓቱን እንደ ወትሮው ሊሞሉ ይችሉ ነበር። እንዲያውም አንደኛው ሽማግሌ ስለ ሰሌዳው አስቀድሞ ያውቅ ነበር ቢባል፣ ከመጀመሪያው ክፍል ጀምሮ በሌሊት ፈረቃው ላይ የሚታየው ዝምታ ሁሉ ምክንያት ያገኝ ነበር።

የታተመውን መመለስ እንደማይቻል አውቃለሁ። ነገር ግን ደራሲው አንዲት ቃል ሳይለውጡ ነገሩን ሊያስተካክሉ የሚችሉበት በር አሁንም ክፍት ነው። ተራኪው በሦስተኛው ክፍል ራሱን ሲያስተዋውቅ የማኅበሩ ጸሐፊ እንደ ሆነና የሚጽፈውም በአለቃው ፈቃድ እንደ ሆነ ነግሮናል። እንግዲያስ «ሰሌዳው ሐሰተኛ ነበር» የሚለው ዓረፍተ ነገር የደራሲው ፍርድ ሳይሆን በመሐላ የታሰረ የአንድ አባል ቃል ነው ማለት ነው። በሚቀጥሉት ክፍሎች ይህ ጸሐፊ ያንን ዓረፍተ ነገር በማን ትእዛዝ እንደ ጻፈ ከአንድ ቦታ ላይ ቢጠየቅ ይበቃል። ደረሰኙ ላይ የሰፈረው የንጉሥ ስምና የግዛት ዓመት ምን እንደ ነበረም ባለፈው ክፍል ሳይነገረን ታልፏል፤ ረድኡ ሰሌዳውን ያነበበው ጮክ ብሎ ስለ ነበር፣ ከሰሙት መካከል አንዱ ሊነግረን ይችላል ብዬ እጠብቃለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የዓምዱ ተከታታይ አንባቢ